«እሺ።» ብዬ ብመልስ ምን አጠፋሁ?

ግራ_የገባት
ሰላም ለዚህ ቤት። ትንሽ ይረዝማል፣ ታገሱኝ።

የሥራ ቡድናችን መሪ አለ። በእድሜ እኩዮች ነን ማለት ይቻላል፣ አንተ አንቺ እየተባባልን ነው የምንሠራው። ባለፈው ሳምንት አንድ ፋይል እንድልክለት በቴሌግራም ጻፈልኝ። ሌላ ሥራ ይዤ ስለነበር «እሺ።» ብዬ መለስኩ። ከነአራት ነጥቡ። አሥር ደቂቃ ሳይሞላ ፋይሉን ላክሁ። ይኸው ነው ወንጀሌ።

እሱ ምን ብሎ ቢመልስ ጥሩ ነው? «ሰነዱን ስለላኩልን እናመሰግናለን።» ስለላኩልን! እኔን! ከዚያ ሁለት ቀን በፊት «አንቺ ደግሞ ታበዢዋለሽ» እያለ ሲያሾፍብኝ የነበረ ሰውዬ አንቱ አደረገኝ። ከዚያን ቀን ወዲህ ሰላምታው ሁሉ ቀዝቅዟል። አንገቱን ነቅነቅ ያደርጋል፣ አለቀ።

አጠገቤ ለምትቀመጠው ልጅ ስልኬን ባሳያት «እሺ ብሎ ነጥብ ምንድነው? ኩርፊያ ነዋ!» አለችኝ። ኧረ በፈጠራችሁ! እሺ ማለት እኮ እሺ ማለት ነው። መዝገበ ቃላት አገላብጡ፣ መስማማት፣ መቀበል ነው የሚለው። እኔም ያሰብኩት እሱኑ ነው።

ጥያቄዬ እንግዲህ ይሄ ነው። የአንድ ቃል ትርጉም የት ነው የሚገኘው? እኔ ያሰብኩት ነው? እሱ የገባው ነው? ወይስ መጽሐፉ ላይ የተጻፈው? እኔ እሺ ብዬ እሱ ስድብ ከሰማ ጥፋቱ የማን ነው? ነገሩን የምታውቁ ካላችሁ አስረዱኝ። «አይዞሽ» ለማለት ብቻ የመጣችሁም ግቡ፣ አይዞሽም አልጠላም።

ገጽ_ዘጠኝ
እሺ።

(ይቅርታ፣ አላስቻለኝም።)

የቋንቋ_ተማሪ
እህቴ፣ መዝገበ ቃላቱን ለጊዜው ዝጊው። እሺን ብቻ እንከተላት፣ የት የት እንደምትውል።

ልጅ ሊያጠፋ ሲል እናቱ ጣቷን ቀስራ «እሺ!» ትለዋለች። ማስፈራሪያ ነው፣ ተስማማች የሚል የለም። ጓደኛሽ የደረሰባትን ስታወራሽ «እሺ… እሺ…» ትያታለሽ፣ ቀጥይ እየሰማሁሽ ነው ነው። ስልክ ላይ «እሺ በቃ» ከተባለ ልዘጋው ነው ማለት ነው። ለምነሽ ስትጨርሺ መጨረሻ ላይ ጣል የምታደርጊያት «እሺ?» ጥያቄ ትመስላለች እንጂ ልመናውን የምታጠብቅ ናት። ተከራክሮ የደከመው ሰው «እሺ ይሁን» ሲል ተሸንፌያለሁ ግን አልተስማማሁም እያለሽ ነው። ጉዳይ ልታስፈጽሚ ሄደሽ «እሺ፣ እናያለን» ካሉሽ ደግሞ ሌላ መንገድ ፈልጊ። ይቺ የመጨረሻዋ ቁልጭ ያለች እምቢ ናት፣ እምቢ የሚለው ቃል ግን በአጠገቧም አላለፈ።

ቃሉ አንድ፣ ሥራው ይሄ ሁሉ። ስለዚህ «እሺ ማለት ምን ማለት ነው» ብለሽ ከምትጠይቂ «ያን ቀን፣ ለዚያ መልእክት መልስ ሆና ስትገባ፣ እሺዬ ምን ሠራች» ብትዪ ይሻላል።

ኦስቲን የሚባል እንግሊዛዊ ፈላስፋ ነበረ። እ.ኤ.አ. በ1955 ሃርቫርድ ላይ ተከታታይ ሌክቸር ሰጠ፣ ከሞተ በኋላ በ1962 መጽሐፍ ሆኖ ወጣ። የሱ ነገር ባጭሩ፣ መናገር ማድረግ ነው። «ቃል እገባልሃለሁ» ስትዪ ስለ ቃል መግባት ወሬ እየነገርሽው አይደለም፣ እየገባሽ ነው። «ይቅርታ እጠይቃለሁ»ም እንደዚያው፣ ከአፍ ሲወጣ ድርጊቱ ተፈጸመ። ከዚያ አንዱን ንግግር ሦስት ቦታ ላይ ያየዋል። አንደኛ የተባለው ራሱ። ሁለተኛ በመባሉ የተደረገው፣ መቀበል ይሁን ማዘዝ ይሁን ማስጠንቀቅ። ሦስተኛ ከተባለ በኋላ ሰሚው ላይ የደረሰው፣ መሳቅ፣ መፍራት፣ ማኩረፍ።

አንቺ ሁለተኛው ላይ ቆመሽ «እኔ የተቀበልኩት ነው» ትያለሽ። እሱ ሦስተኛው ላይ ነው ያለው። ሁለታችሁም አልዋሻችሁም። መዝገበ ቃላቱ ደግሞ የሚያውቀው አንደኛውን ብቻ ስለሆነ ሊያስታርቃችሁ አይችልም።

ስለ ነጥቧም አንድ ነገር። ከአሥር ዓመት ገደማ በፊት አሜሪካ ውስጥ ተማሪዎችን አጫጭር የስልክ መልእክቶች ያስነበቡ ተመራማሪዎች ነበሩ። በነጥብ የተዘጋ አጭር መልስ ነጥብ ከሌለበት ይልቅ ከልብ ያልሆነ መስሎ ነው የተነበበው። ያንኑ በእጅ ጽሑፍ ሲያቀርቡላቸው ልዩነቱ ጠፋ። እኔ የገባኝ እንዲህ ነው፦ ቻት ላይ «ላክ» የሚለውን መጫን ራሱ ዓረፍተ ነገሩን ይዘጋዋል፣ ነጥቧ ሥራ ፈታ ተቀመጠች። ሥራ ፈት ምልክት ደግሞ ሰው ሌላ ሥራ ያገኝላታል። የምናነበው ፊት ስለሌለ ነጥቡን እናነባለን።

አንቱ_በሉኝ
እኔ የምለው «ስለላኩልን» ላይ ነው፣ ምክንያቱም እዚያ ላይ ነው ጥፊው ያለው።

ብዙ ሰው አንቱታ የአክብሮት መጠን ይመስለዋል። ብዙ ስታከብሪ አንቱ፣ ትንሽ ስታከብሪ አንተ። አይደለም። ሰው ሲጸልይ ፈጣሪውን «አንተ» ይለዋል፣ ከጸሎት ወጥቶ መንገድ ላይ ያገኛቸውን የማያውቃቸውን አዛውንት «እርስዎ» ይላቸዋል። ታዲያ አዛውንቱ ከፈጣሪ በለጡ? አንቱታ የሚለካው ርቀትን ነው።

ሮጀር ብራውንና አልበርት ጊልማን የሚባሉ ሰዎች እ.ኤ.አ. በ1960 ይሄንኑ በፈረንሳይኛ፣ በጀርመንኛና በጣሊያንኛ አይተውታል። በጥንቱ የሚገዛው ሥልጣን ነበር ይላሉ፤ የበላይ አንተ ይላል፣ እርስዎ ይባላል። በኋላ ቅርበት ቦታውን እየወሰደ መጣ፤ ከተቀራረብን ሁለታችንም አንተ፣ ካልተቀራረብን ሁለታችንም እርስዎ። እዚህ ላይ ነው ያንቺ ነገር የሚመጣው። ሰው ከእርስዎ ወደ አንቺ ሲሻገር በር ከፈተ። ከአንቺ ወደ እርስዎ ሲመለስ በሩን ዘጋው፣ ያውም በጨዋ ደንብ ስለዘጋው «ለምን ሰደብከኝ» ብለሽ አትከሺውም። አከበርኩሽ ነዋ የሚልሽ!

የኛ ቋንቋ ደግሞ መደበቂያ አይሰጥም። መጣህ፣ መጣሽ፣ መጡ። ግሱ ላይ ተለጥፎ ስለሚመጣ አፍሽን በከፈትሽ ቁጥር ሰውየውን የት እንዳስቀመጥሽው ታውጂያለሽ። እንዴት እንደምንጠራው ያልወሰንነው ሰው ሲገጥመን ምን እንደምናደርግ አስተውላችሁ ታውቃላችሁ? ከኛ ሁለት ሦስት ዓመት የሚበልጥ፣ አንተ ብንለው ድፍረት እርስዎ ብንለው ማስረጀት የሚሆንብን ሰው? «ሥራ እንዴት ነው?» «ሁሉ ሰላም?» «ቤተሰብ ደኅና?» እያልን ሰውየውን ራሱን ሳንነካ በዙሪያው እንዞራለን። እኔ አንዱን ጎረቤቴን እንዲህ እየዞርኩ ሦስት ዓመት ጨርሻለሁ።

ስለዚህ ሰውሽ ሳይታወቀው አልጻፈውም። አኩርፏል፣ ማኩረፉንም ነግሮሻል።

ጥርጥሬ
ቆይ ቆይ። ሁላችሁም ተሰብስባችሁ ቃል ትርጉም የለውም ልትሉን ነው? ትርጉም በሰሚው ጆሮ ነው፣ በነጥቡ ነው፣ በርቀቱ ነው። እንደዚያ ከሆነ እኔ ይሄን የምጽፈው ለምንድነው፣ እናንተስ በምን ገባችሁ?

«እሺ፣ እናያለን» እምቢ መሆን የቻለችው እሺ በሌላው ጊዜ እሺ ስለሆነች ነው። የረጋ ትርጉም ከሌለ ሽሙጥም የለ፣ ቅኔም የለ። ጎባጣውን ጎባጣ ያሰኘው ቀጥ ያለው መኖሩ ነው።

ቃል ራሱ ጉልበት አለው። እ.ኤ.አ. በ1974 ኤሊዛቤት ሎፍተስና ጆን ፓልመር የሚባሉ የሥነ ልቦና ተመራማሪዎች ለሰዎች የመኪና አደጋ ፊልም አሳይተው «መኪኖቹ ሲነካኩ ፍጥነታቸው ስንት ነበር?» ብለው ጠየቁ። ለሌሎች ያንኑ ጥያቄ አንድ ግስ ብቻ ለውጠው፣ በ«ሲነካኩ» ፈንታ «ሲላተሙ» የሚል ዓይነት አስገቡ። ሲነካኩ የተባሉት በአማካይ 31.8 ማይል በሰዓት አሉ። ሲላተሙ የተባሉት ከ40 በላይ። በኪሎ ሜትር ብታደርጉት ወደ 51 እና ወደ 65 ነው። በሌላ ሙከራ ደግሞ ከሳምንት በኋላ «የተሰበረ መስታወት አይታችኋል?» ሲሏቸው፣ ኃይለኛው ግስ ከደረሳቸው 50 ሰዎች 16ቱ አዎ አሉ። ቀለል ያለው ከደረሳቸው 50 ደግሞ 7ቱ። ፊልሙ ላይ መስታወት የሚባል አልተሰበረም! እስቲ አሁን ትርጉም በሰሚው ነው በሉኝ። ቃሉ ገብቶ የሰሚውን ትዝታ ነው የነካካው።

ሁለተኛ፣ ማንም ያላነሳው ነገር። ግራ የገባሽ፣ እሱ ላንቺ የአንድ ቃል መልስ ጽፎልሽ አያውቅም?

ግራ_የገባት
@ጥርጥሬ ሁልጊዜ! «ኦኬ» ነው የሚለኝ። ሁለት ገጽ ጽፌለት «ኦኬ»። አኩርፌ አላውቅም፣ ሥራ በዝቶበት ነው እላለሁ።

@አንቱ_በሉኝ ጎረቤትህን አሳዘንከኝ፣ ሂድና አንዱን በለው በቃ።

ጥርጥሬ
አያችሁ አይደል። የአለቃ «ኦኬ» ሥራ ስለበዛበት ነው፣ የሠራተኛ «እሺ» ግን ኩርፊያ ነው። ቃሉ ያው፣ ርዝመቱ ያው። ልዩነቱ የማን አጭር መልስ በቅን እንዲነበብለት ግዴታ አለ የሚለው ነው። ከላይ ያለ ሰው ገር ተደርጎ ይነበባል። ከታች ያለው ነጥቡን እንኳ ቆጥሮ ነው የሚጽፈው። ትርጉም በማኅበራዊ ግንኙነት ይፈጠራል ስትሉ ይሄንንም አብራችሁ በሉ፣ ሁሉም ሰው እኩል አይፈጥርም።

ገጽ_ዘጠኝ
ይሄን ስክሪንሾት አድርጌ ለአለቃዬ ብልክለትስ? ከነ«እሺ።» ነው የምልከው።

ሙሉውን_አምጪ
ይቅርታ አድርጉልኝና፣ ሁላችሁም ስለ እሺ ገጽ ሙሉ ጻፋችሁ፣ እሺ የተባለለትን መልእክት ግን አንዳችሁም አላያችሁትም። መልስ ብቻውን ምን ይነበባል? ግራ የገባሽ፣ እሱ የጻፈልሽን ቃል በቃል አምጪው እስቲ።

ግራ_የገባት
እንዲህ ነው የሚለው፦ «ሰላም፣ ስትችይ የሩብ ዓመቱን ሪፖርት ላኪልኝ። ደግሞ ያን ቀን ስብሰባ ላይ ያልኩትን ተዪው፣ ልክ አንቺ ነበርሽ።»

ያን ቀን የሚለው፣ ስለ አንድ ቁጥር ተከራክረን በሰው ፊት «ሳታጣሪ አትናገሪ» ብሎኝ ነበር። ኋላ ሲታይ የኔ ቁጥር ልክ ሆነ። ግን እሱ አልፏል፣ ከጉዳዩ ጋር አይገናኝም ብዬ ነው ያልጻፍኩት።

ሙሉውን_አምጪ
አይገናኝም?! እህት ዓለም፣ ሰውየው ይቅርታ ጠይቆሽ ነው እኮ!

ደግመሽ አንብቢው። ሁለት ነገር ነው የላከልሽ። አንዱ ሪፖርት ላኪ ነው። ሌላው «ያልኩትን ተዪው፣ ልክ አንቺ ነበርሽ» ነው፣ ይቅርታ የሚለውን ቃል ሳይነካ የተጠየቀ ይቅርታ። አለቃ ስለሆነ ይሁን ወንድ ስለሆነ አላውቅም፣ ብዙ ሰው ይቅርታን እንዲህ በጎን በር ነው የሚያስገባት፣ ከሥራ ጉዳይ ጀርባ ደብቆ። እንዲያውም የመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ራሱ መንገድ ጠራጊ ነው። «ሪፖርቱን ላኪ» አላለም። «ስትችይ» አለ፣ «ላኪልኝ» አለ።

ይቺን «ልኝ» አትናቋት። «ዘነበልን» እና «ዘነበብን» አንድ ዝናብ ነው። ዘሩን የዘራው ዘነበልን ይላል፣ ልብሱን ያሰጣው ዘነበብን ይላል። «ሄደልኝ» ያለች እፎይ ብላለች፣ «ሄደብኝ» ያለች እያለቀሰች ነው። ስለ ሰማዩም ስለ ሰውየውም ምንም አልተጨመረም፣ የተጨመረው ተናጋሪው ከነገሩ ጋር ያለው ዝምድና ነው። «ላኪልኝ» ማለትም ለኔ ብለሽ፣ ውለታ አድርጊልኝ ያለበት ነው። አለቃ ማዘዝ እየቻለ ለመነሽ።

አንቺ ምን አደረግሽ? ለሪፖርቱ እሺ አልሽ። ለይቅርታው ዝም።

ንግግርን በቴፕ እየቀረጹ ያጠኑ ሰዎች አሉ፣ ሃርቪ ሳክስና ኢማኑኤል ሼግሎፍ። ጨዋታ ጥንድ ጥንድ እየሆነ ነው የሚሄደው ይላሉ። ሰላምታ ሰላምታን ይጠራል፣ ጥያቄ መልስን፣ ይቅርታም «ኧረ ምንም አይደል»ን። የመጀመሪያው ግማሽ ከተወረወረ ሁለተኛው ግማሽ ይጠበቃል፣ ካልመጣ አለመምጣቱ ራሱ ይሰማል። ሰላም ብለሽው ያልመለሰልሽ ሰው ዝም አላለም፣ ዘጋሽ ነው የምትዪው አይደል? ዝምታው ቦታ ስላለው ነው። ይሄን የምንጠብቅበት ፍጥነት ደግሞ ይገርማል። እ.ኤ.አ. በ2009 በወጣ ጥናት አሥር ቋንቋዎች ተወዳድረው፣ በጥያቄና በመልስ መካከል ያለው ክፍተት በአማካይ የሰከንድ አንድ አምስተኛ ገደማ ሆኖ ተገኘ። አንዴ ዓይን የማርገብገብ ያህል ነው። ከዚያ ትንሽ ከዘገየ ሰሚው «ኧ፣ እምቢ ሊለኝ ነው» ማለት ይጀምራል።

ስለዚህ እሺሽ ውስጥ ስድብ የለም፣ ነጥቡም ንጹሕ ነው። የተሰማው ያልጻፍሽው ነው። ግራይስ የሚባል ፈላስፋ ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነበረችው። መምህር ለፍልስፍና ሥራ ለሚያመለክት ተማሪው የድጋፍ ደብዳቤ ይጽፋል። እንግሊዝኛው ግሩም ነው፣ ከክፍልም አይቀርም፣ ከአክብሮት ሰላምታ ጋር። አለቀ። ክፉ ቃል አልተጻፈም፣ ልጁ ግን ሥራውን አጣ። ስለ ፍልስፍናው መጻፍ ያለበት ቦታ ላይ ስላልጻፈ።

ግራ_የገባት
ኧረ አምላኬ። መልእክቱን ያኔ ሳነበው «ላኪልኝ» የምትለው ላይ ስደርስ ፋይሉን መፈለግ ጀመርኩ መሰለኝ። የቀረውን ዓይኔ አይቶታል እንጂ አላነበብኩትም።

ቀጥታ_ሂድ
እኔን ግን አንድ ነገር አብራሩልኝ። ይሄ ሁሉ ጣጣ የመጣው ሰዎች የሚሉትን በቀጥታ ስለማይሉ አይደለም? ይቅርታ ከሆነ ይቅርታ በል። ካኮረፍክ አኩርፌያለሁ በል። ሁሉም ነገር ተዘርዝሮ ቢነገር ማንም ለማንም አይተረጉምም፣ እናንተም ሥራ ትፈታላችሁ።

የቋንቋ_ተማሪ
@ቀጥታ_ሂድ ተሞክሯል! ሃሮልድ ጋርፊንክል የሚባል የሶሲዮሎጂ ሰው ተማሪዎቹን ላካቸው፣ ሰው የሚላችሁን ሁሉ ዘርዝር በሉት ብሎ። ውጤቱን እ.ኤ.አ. በ1967 አሳተመው። አንዱ ተማሪ «እንዴት ነህ?» ሲባል፣ በምን በኩል? ጤናዬ? ገንዘቤ? ትምህርቴ? እያለ መለሰ። ጠያቂው ፊቱ ቀልቶ፣ ለጨዋነት ብዬ ነው እንጂ አንተ እንዴት ብትሆን ምን አገባኝ አለው። አንዷ ደግሞ ጎማዬ ፈነዳ ስትል፣ ጎማዬ ፈነዳ ስትዪ ምን ማለትሽ ነው ብለው ያዟት። ሴትዮዋ ተናደደች። የፈነዳ ጎማ የፈነዳ ጎማ ነው፣ ሌላ ምን ይባላል?

እኔ ከዚህ የምወስደው፣ ዝርዝር ታች የለውም። ባብራራህ ቁጥር ማብራሪያው ደግሞ የሚብራራ ቃል ይዞ ይመጣል። የሆነ ቦታ ላይ ሰሚው «ገባኝ» ብሎ ካልተቀበለህ አንድ ዓረፍተ ነገር አታልፍም። ሰዎቹ የተናደዱትም ጥያቄው ስለከበዳቸው አይደለም፣ ያ የሚያውቁት ሰው የሱን ድርሻ አልሸከምም ስላላቸው ነው።

@ጥርጥሬ የረጋ ትርጉም የግድ ነው ያልከውን እቀበላለሁ። ግን ቃል ከመኖሩ በፊትም ትርጉም አለ። ሃሊዴይ የሚባል የቋንቋ ሊቅ የገዛ ልጁን ከ9 ወሩ ጀምሮ ተከታትሎ ነበር። ሕፃኑ ገና አንድም የአዋቂ ቃል አልነበረውም። የራሱ ድምፆች ግን ነበሩት፣ አንዱ ስጡኝ የሚል፣ አንዱ አድርጉልኝ የሚል፣ አንዱ ዝም ብሎ አብረን እንሁን የሚል። ከቃሉ ዝምድናው ቀደመ። ኋላ ሃሊዴይ እያንዳንዱ ዓረፍተ ነገር ስለ ዓለምም ስለ እኔና አንተም አንድ ላይ ያወራል ሲል፣ እኔ እዚያ ሕፃን ላይ ያየው ነው የሚመስለኝ።

ጥርጥሬ
@የቋንቋ_ተማሪ ሕፃኑን አልከራከረውም። ግን ያ ሕፃን አድጎ አለቃ ሲሆን «ኦኬ» ብቻ እንደሚል እወራረድሃለሁ። (ኦስቲን እንዳለው፣ ተወራረድኩ።)

ግራ_የገባት
ተመልሻለሁ። ዛሬ ጠረጴዛው ጋ ሄድኩ።

በጽሑፍ አልሞክረውም ብዬ ነው። ቆሜ «ያን ቀን ስብሰባ ላይ የነበረውን እኮ ረስቼዋለሁ» አልኩት። ቀና ብሎ አየኝና «ይቅርታ ጠይቄሽ እሺ አልሽኝ፣ በቃ አልተቀበለችኝም ብዬ ነው ዝም ያልኩት» አለኝ። «ይቅርታ መች ጠየቅከኝ?» ስለው «ተዪው አላልኩሽም?» አለኝ፣ ከልቡ ተገርሞ። ለሱ «ተዪው» ይቅርታ ናት። ለኔ ደግሞ ሰው ሲሟገት ሰልችቶት የሚላት ናት። አንድ ክፍል ውስጥ አራት ዓመት አብረን ሠርተናል!

@ሙሉውን_አምጪ አንተ ነህ አንቺ አላውቅም፣ ብቻ እግዜር ይስጥልኝ። (አያችሁ፣ ዞርኩት።)

@አንቱ_በሉኝ አንተን ግን ትንሽ ላሳዝንህ ነው። «ሰነዱን ስለላኩልን እናመሰግናለን» የምትለዋ ጥፊ አይደለችም። ሪፖርት ለላከ ሁሉ ኮፒ ፔስት የሚያደርጋት ናት። አጠገቤ ያለችው ልጅ ስልክ ላይም አለች፣ ያውም በዚያው ቀን የተላከች። «ኩርፊያ ነዋ!» ስትለኝ የራሷን አላስተዋለችም ነበር።

አንቱ_በሉኝ
እና እኔ ያን ሁሉ የጻፍኩት ለኮፒ ፔስት ነው?

ጥርጥሬ
የጻፍከው ሁሉ ልክ ነው ወንድሜ፣ ሰውየው ነው ያላደረገው። እሷስ ብትሆን፣ ሳምንት ሙሉ በኮፒ ፔስት ስትቃጠል አይደል የከረመችው?

አንቱ_በሉኝ
ለመጽናናት ብዬ ልንገራችሁ፣ ትናንት ማታ ጎረቤቴን ደረጃ ላይ አገኘሁት። «አንተ፣ እንዴት ነህ?» አልኩት። ዘወር ብሎ ከኋላው ሰው ፈለገ።

ገጽ_ዘጠኝ
ሞትኩኝ።

ግራ_የገባት
የመጨረሻ ወሬ ነው፣ ከዚህ በኋላ አላስቸግራችሁም። ዛሬ ጠዋት «ያ የሠንጠረዡ ነገር ምን ደረሰ?» ብሎ ጻፈልኝ። እኔም ተምሬ የለ፣ «ደኅና አደርክ፣ እየጨረስኩት ነው፣ እስከ 9 ሰዓት አደርስልሃለሁ፣ ከዘገየሁ እደውልልሃለሁ» ብዬ መለስኩ።

«ኦኬ» አለኝ። ነጥብ የለውም፣ አይቼዋለሁ።